የአባቴ ጀርባ

እናቴ የደወለችልኝ ካሜራዬን ሰው ላይ ደግኜ ጥያቄ እየጠየቅሁ ሳለ ነው። የዚያን ቀን የሆነውን ለብዙ ሰው በቃል ተርኬዋለሁ፤ ስጽፈው ግን ይህ የመጀመሪያዬ ነው። ረጋ ብዬ ልንገራችሁ። በታሪኩ ውስጥ ማመስገን ያለብኝ ሰዎች አሉ፤ ስቸኩል አንዳቸውን ዘልዬ እንዳላልፍ እፈራለሁ።

ምህረቱ እባላለሁ። ተወልጄ ያደግሁት ወላይታ ሶዶ ነው። ሙያዬ ግራፊክ ዲዛይን ነው። ባነር፣ የሱቅ ታፔላ፣ የሠርግ ጥሪ፣ የትምህርት ቤት መጽሔት፣ የመዘምራን አልበም ሽፋን፣ ያልሠራሁት የለም። በትርፍ ጊዜዬ ደግሞ ሠርግና ምረቃ እቀርጻለሁ። አንድ ቀን ካሜራውን ለምን ወደ ራሴ ሙያ አላዞረውም ብዬ ተነሣሁና ስለ ግራፊክ ዲዛይን ዘጋቢ ፊልም ጀመርኩ። በብሩሽና በቀለም ታፔላ ሲጽፉ ከኖሩት አንስቶ ኮምፒውተር ላይ እስከሚሠሩት ድረስ፣ ከሶዶ እስከ ቤሌ እየዞርኩ ባለሙያዎቹን አነጋግር ነበር።

እውነቱን ለመናገር ፊልሙ በልቤ ስንብት ነበር። ደንበኛው ሁሉ በስልኩ ያለቀለት ሥራ ይዞ መምጣት ጀምሯል። "ይኸው፣ ስልኬ ሠርቶልኛል፤ አንተ አትምልኝ ብቻ" ይላል። እኛ ቀስ በቀስ ማተሚያ ማሽን የምንነካ ሰዎች ሆነን ቀርተናል። አዲስ አበባ ከሙያዬ ጋር የማይገናኝ የቢሮ ሥራ ተገኝቶልኝ ስለነበር "ፊልሙን ልጨርስና እመጣለሁ" ብዬ ቃል ሰጥቻለሁ። የፊልሙን የመጨረሻ ዓረፍተ ነገር እንኳ አስቀድሜ አስቤዋለሁ፤ "ይህ ሙያ እንዲህ ነበር" የሚል ነው።

አባቴ ዳና ይባላል። እኛ ልጆቹ በወላይትኛ "አዋ" እንለዋለን፤ አባት ማለት ነው፤ እናታችንን ደግሞ "አዬ" እንላታለን። ጡረታ እስኪወጣ ድረስ የግብርና ሠራተኛ ነበር፤ በዞኑ ውስጥ በእግሩ ያልረገጠው ወረዳ የለም። ከጥቂት ዓመታት ወዲህ ግን መርሳት ጀመረው። መጀመሪያ የሰው ስም ነበር የሚጠፋው፤ በኋላ ቀኑ ጠፋው፤ ከዚያ አንዳንድ ጠዋት የሥራ ኮቱን ለብሶ "መኪናው አልመጣም?" ማለት ጀመረ። እናቴ "ዛሬ በዓል ነው፣ ሥራ የለም" እያለች ታስቀምጠዋለች። እሱም አምኗት ይቀመጣል።

የዚያን ዕለት የበጋው ፀሐይ የጠናበት ጊዜ ነበር። እኔ መናኸሪያው አካባቢ ሰላማዊት ሱቅ ውስጥ ነኝ። ሰላማዊት በትምህርት ጓደኛዬ፣ በሥራ ደግሞ ተፎካካሪዬ ናት። አንድ ኮሌጅ ተምረን ሁለት ሱቅ ከፈትን፤ ደንበኛም ስንነጣጠቅ ኖረናል። ካሜራዬን በማቆሚያው ላይ አቁሜ፣ ድምፅ መቅረጫውን አንገቷ ሥር አድርጌ፣ ሁሉንም የምጠይቀውን ጥያቄ ጠየቅኋት።

"ላንቺ ዲዛይን ማለት ምንድነው?"

"ይህን እኮ ኮሌጅ እያለን ፈተና ላይ መልሼዋለሁ" አለች እየሳቀች። "ድጋሚ ልታስፈትነኝ ነው?"

ስልኬ ጠራ። እናቴ ናት።

"ምሬ፣ አባትህ አንተ ጋ መጥቷል?"

"አልመጣም። ምነው አዬ?"

ከኋላዋ የሴቶች ድምፅ ይሰማኛል።

"ጠዋት ለጸሎት ቤተክርስቲያን ሄጄ ስመለስ የለም። ጎረቤት የሄደ መሰለኝ። ጎረቤት ሁሉ ፈለገው። የሥራ ኮቱና ጃንጥላውም ቤት የሉም። እስከ ገበያው ወርደው አዩ። የለም።"

"ጠዋት ነው የወጣው? እስካሁን ለምን አልደወልሽልኝም?"

"ይመጣል ብዬ ነው፣ ልጄ። አሁን ይመጣል፣ አሁን ይመጣል እያልኩ።"

ስልኩን ዘግቼ ተነሣሁ። ወደ በሩ ስራመድ ሰላማዊት መንገዴ ላይ ቆመች።

"ምን ተፈጠረ?"

"አባቴ ጠፋ። ከጠዋት ጀምሮ የለም።"

"ወዴት ልትሄድ ነው?"

"ልፈልገው ነዋ።"

"በየትኛው መንገድ?"

ከሶዶ የሚወጣው መንገድ አንድ አይደለም። ወደ አርባ ምንጭ አለ፣ ወደ ቤሌ አለ፣ ወደ አረካ አለ፣ ወደ ቦዲቲ አለ። አባቴ ደግሞ በሁሉም ላይ ሠርቷል።

"አንተ የምትሮጠው አንዱን ብቻ ነው" አለች ሰላማዊት። "ወረቀት ሁሉንም ይሮጣል። ተቀመጥና ፎቶ ስጠኝ።"

ተቀመጥኩ። ከስልኬ ውስጥ የአባቴን የጡረታ ሽኝት ፎቶ አወጣሁ፤ በሱፍና በከረባት፣ ቀጥ ብሎ ቆሞ። ኮምፒውተሯ ላይ ከፈትኩት። እጄ በልማድ ሄዶ ከግርጌው ላይ የወላይታ ባህል ልብስ የሆነውን የዱንጉዛ ጥለት ዘረጋ፤ ቀይ፣ ጥቁር፣ ቢጫ። ሶዶ ውስጥ የዱንጉዛ ጥለት የሌለበት ባነር አትሠራም፤ እጃችን ለምዶታል።

"አውጣው" አለች። "የጊፋታ በዓል ባነር አይደለም የምንሠራው።"

አወጣሁት።

"አሁን ደግሞ ይህን ፎቶ እየው። ጋሽ ዳና ዛሬ ከረባት አስረዋል?"

"አላሰረም። የሥራ ኮቱን ነው የለበሰው፤ ካኪውን።"

"መንገድ ላይ ምን ይመስላሉ? ፊት ለፊት ቆሞ የሚያናግራቸው ሰው ቢያገኙ ኖሮ እስካሁን ይደወል ነበር። እየሄዱ ነው ማለት ነው። የሚሄድን ሰው ደግሞ የሚያየው ከኋላው የሚመጣ ሾፌር፣ ከደጁ የቆመ ሰው ነው። ጋሽ ዳና ከኋላ ምን ይመስላሉ?"

ያኔ ነው ትዝ ያለኝ። ከሳምንታት በፊት ለፊልሙ መክፈቻ አንድ ሰው ታፔላ በተደረደረበት መንገድ ሲያልፍ መቅረጽ ፈልጌ፣ ሰው ስላጣሁ አባቴን "እስኪ በዚህ በኩል ሂድልኝ" ብዬ ከኋላው ቀርጬው ነበር። ላፕቶፔን ከፍቼ ቪዲዮውን ፈለግሁ። አገኘሁት። ካኪ ኮት፣ ጎበጥ ያለ ትከሻ፣ ወደ ግራ ዘንበል ያለ ራስ። ሁለት እጁን ወደኋላ አድርጎ የተጠቀለለ ጥቁር ጃንጥላውን በወገቡ ላይ አግድሞ ይዞታል። በወጣትነቱ የችግኝ መደዳ ሲቆጣጠር የለመደው አረማመድ ነው። በዓለም ላይ እንደዚያ የሚሄድ ሌላ ሰው አላውቅም።

ሰላማዊት ቪዲዮውን ወደፊትና ወደኋላ እየመለሰች አንድ እግሩ የተነሣበት ቅጽበት ላይ አቆመችው።

"ይሄ ነው" አለች።

የጀርባውን ምስል ትልቅ አድርገን አስገባን፤ ፊቱን ከጎኑ አነስ አድርገን። ዙሪያውን ሁሉ ቆርጠን ጣልንና ነጭ ላይ ብቻውን አስቀመጥነው። "አባታችን ጠፍተዋል" የሚለውን እኔ ቅርጸ ፊደል ስመርጥለት ሰላማዊት ሌላ መረጠች፤ ወፍራም፣ ግልጽ፣ ጌጥ የሌለው። ከምስሉ ሥር "እንዲህ ይራመዳሉ" የሚል ጻፍን። ከዚያ እሷ እየተናገረች እኔ ጻፍኩ። "የመርሳት ሕመም አለባቸው። በወላይትኛ፣ በእርጋታ ያነጋግሯቸው። ውሃ ይስጧቸው። ከዚያ ይደውሉልን።" ያንኑ በወላይትኛ ደገምነው፤ ወጣቱ በወላይትኛ፣ አንዳንዱ ትልቅ ሰው ደግሞ በአማርኛ ማንበብ ይቀናዋልና።

የቀረው ስሙ ነበር። "ዳና" ሁለት ፊደል ነው። ሁለቱን ፊደል ደጋግሜ ተሳሳትኩ። አንዴ "ደና" ሆነ፣ አንዴ "ዳነ" ሆነ። ሰላማዊት ወንበሯን አስጠጋችና የቁልፍ ሰሌዳውን ከእጄ ወሰደች።

"ስሙን እኔ ልጻፈው" አለች።

አንድ አትመን ከመንገዱ ማዶ ያለው አጥር ላይ ለጠፍኩት። እሷ በሱቋ በር ላይ ቆማ ዓይኗን አጠበበች። "ቁጥሩ አይታየኝም። ከሚኒባስ ኋላ የሚመጣ ሰው ማንበብ አለበት፤ አሳድገው።" አሳደግነው። የፊቱን ምስል ይበልጥ አሳነስን። እንደገና ወጥታ አየች። "አሁን ታየኝ" አለች።

ማተም ስንጀምር ጥቂት ወረቀት እንደወጣ መብራት ጠፋ።

ሶዶ መብራት መጥፋቱ አዲስ ነገር አይደለም። የዚያን ቀን ግን ሰማይ የወደቀብኝ ያህል ተሰማኝ። ሰላማዊት ፋይሉን አስቀድማ ፍላሽ ላይ ገልብጣው ነበር። አንሥታ ሰጠችኝ። "ጌታሁን ጋ ሂድ። ጄኔሬተር አለው።"

ጌታሁን ማዶ ያለው ትልቅ ማተሚያ ቤት ባለቤት ነው። ለፊልሙ ላነጋግረው ደጋግሜ ሄጄ "እኔ ሥራዬ ይበቃኛል፣ ፊልም አልፈልግም" ብሎ መልሶኛል። ስገባ ጄኔሬተሩ ይጮሃል፣ ማሽኑ የሠርግ ጥሪ እያተመ ነው፣ ሙሽራው ራሱ አጠገቡ ቆሟል። በእጄ ያለውን ወረቀት ከሩቁ አየው።

"አባትህ ናቸው?"

"አዎ።"

ማሽኑን አቆመ። ወደ ሙሽራው ዞሮ "ይቅርታ ወንድሜ፣ ሰው ጠፍቶ ነው" አለው። ሙሽራው ቅር አላለውም። የእኛ ወረቀት መውጣት ሲጀምር ገና ትኩሱን ከማሽኑ እየተቀበለ ይደረድር ጀመር፤ ከዚያም አንድ እቅፍ ይዞ "እኔ ወደ ገበያው በኩል እለጥፋለሁ" ብሎ ወጣ። ስሙን እንኳ አልጠየቅሁትም። ይህን ካነበብክ፣ ወንድሜ፣ ትዳርህ የተባረከ ይሁን።

ከሰላማዊትና ከጌታሁን ጋር ወረቀቱን ይዘን መናኸሪያ ስንገባ ሾፌሮቹ ከበቡን። ማንም ብዙ አልጠየቀም። የአርባ ምንጭ መስመሩ አንዱን ወስዶ የኋላ መስታወቱ ላይ ለጠፈ፤ የቤሌው አውቶብስ፣ የአረካው፣ የቦዲቲው እንዲሁ። አንድ ሸምገል ያለ ሾፌር ወረቀቱን አየት አድርጎ "ከኋላ ነው የሚሻለው" አለ፤ "የሚከተለኝ ሁሉ ያነበዋል። ስቆም ደግሞ በየደጁ ያለው ሰው ያያል።" አንድ በአንድ ወጡ። አባቴ በየመኪናው ጀርባ ላይ ሆኖ፣ ጀርባውን ሰጥቶኝ፣ በየአቅጣጫው ሲሄድ ቆሜ አየሁት። ለፖሊስ አመልክተናል፤ እናቴ ቤት ውስጥ ስልኳን በሁለት እጇ ይዛ ተቀምጣለች፤ የቤተክርስቲያን ሴቶች ዙሪያዋን ሆነው ይጸልያሉ። ከዚህ በኋላ መጠበቅ ብቻ ነው የቀረን።

መጀመሪያ የተደወለው ከሶዶ በስተሰሜን ምዕራብ ካለችው ከጉኑኖ ነው። "አንድ ካኪ የለበሱ አባት እዚህ ተቀምጠዋል" አለ ደዋዩ። ጌታሁን የሞተር ብስክሌቱን ቁልፍ ወረወረልኝ። ሰላማዊት ከኋላዬ ተቀመጠችና በረርን። ጉኑኖ ስንገባ ሰውየው ሱቅ ደጃፍ ላይ ጀርባቸውን ሰጥተው ተቀምጠዋል። ትከሻቸው የአባቴ ነው። ኮታቸው የአባቴ ነው።

"አዋ!" አልኳቸው ሞተሩን ሳላጠፋ።

ዞሩ። ሌላ ሰው ናቸው።

ሰላማዊት ይቅርታ ጠይቃ ወረቀቱን አሳየቻቸው። ለረጅም ጊዜ አዩት። ከዚያ ተነሥተው ባርኔጣቸውን አወለቁ፤ እዚያው አቧራው ላይ ቆመው በወላይትኛ ጸለዩልን። "ይህን ሽማግሌ የሚያውቀው ጌታ፣ ሳይመሽ ለልጁ አሳየው" አሉ። አሜን ብለን ወጣን።

ወደ ሶዶ እየተመለስን ሳለ ስልኬ ኪሴ ውስጥ ተንቀጠቀጠ። መንገድ ዳር ቆምኩ። የማላውቀው ቁጥር ነው። የሴት ድምፅ።

"ወረቀቱ ላይ ስላለው ሰው ነው የምደውለው። ከሁምቦ ነኝ። ማርታ ነኝ፣ ምግብ ቤት አለኝ።"

"አይተሻቸዋል?"

"ፊቱን አላየሁም። ጀርባውን ነው ያየሁት።"

ሰላማዊት ስልኩን ወስዳ ድምፁን ከፍ አደረገችው።

"እኩለ ቀን ላይ የሳህን ውሃ ልደፋ ወጣሁ" አለች ማርታ። "አንድ ሽማግሌ እያለፈ ነው። በዚህ ፀሐይ ጃንጥላ ይዟል፣ ግን አልዘረጋም፤ ከኋላው ይዞት ይሄዳል። ገረመኝ። 'ምን ዓይነት ሰው ነው፣ ጃንጥላ ይዞ ፀሐይ የሚመታው' ብዬ ቆሜ አየሁት። ከዚያ ሥራ ገባሁ፣ ረሳሁት። አሁን ሚኒባስ ደጄ ቆመ። ኋላው ላይ ያ ሰውዬ አለ። ያው አካሄድ።"

"ወዴት ነው የሄዱት?" አለች ሰላማዊት።

"ከአስፋልቱ ወጥቶ ወደ ተራራው በኩል ነው። እዚያ ቤት የለም፣ ውሃም የለም። እናንተ ኑ፤ እኔ ግን አልጠብቃችሁም። ቤቴን ዘግቼ ሰው ይዤ እየወጣሁ ነው።"

ከዚያ በኋላ ያለውን መንገድ በደንብ አላስታውሰውም። ሶዶን ሰንጥቀን በአርባ ምንጭ መንገድ ወደ ደቡብ ወረድን። ቁልቁል ስንወርድ ነፋሱ እየሞቀ፣ ፊት እየለበለበ መጣ። ፀሐይዋ በስተቀኝ አዘቅዝቃለች። ሰላማዊት ትከሻዬን ይዛ "ዝግ በል፣ ምህረቱ፣ በሕይወት መድረስ አለብን" ትለኛለች። እኔ የማስበው ውሃ ነው። ከጠዋት ጀምሮ ውሃ ያልጠጣ ሽማግሌ፣ ሁምቦ ቆላ ላይ። ከመሸ ደግሞ ጅብ አለ። ይህን ሁለቱን ብቻ እያፈራረቅሁ ነዳሁ።

ማርታ ምግብ ቤት ደጃፍ ላይ የቆሙ ሰዎች አቅጣጫውን ገና ሳንጠይቅ ጠቆሙን። ሞተሩን ጥለን በእግር ወጣን። መንገዱ ድንጋያማ ነው። ከፍ ስንል ግን ጥላ ጀመረ። ተራራው በዛፍ ተሸፍኗል፤ ግራና ቀኝ ቁመቱ ከሰው በላይ የሆነ፣ ግንዱ የጠነከረ ዛፍ። ከላይ የሰው ድምፅ ሰማን። አንዲት ሴት በወላይትኛ ረጋ ብላ ታወራለች፤ ሕፃን የምታባብል ነበር የምትመስለው።

አባቴ ዛፍ ሥር ተቀምጧል። አንድ ጫማው ወልቋል። ከንፈሩ ተሰነጣጥቋል፣ ዓይኑ ጎድጉዷል። አንዲት ወፍራም፣ ሽርጥ የታጠቀች ሴት ጎኑ ተንበርክካ የውሃ ጆግ ይዛ ጥቂት በጥቂት ታጠጣዋለች። ሁለት ጎረቤቶቿ ራቅ ብለው ቆመዋል። ሁሉንም ወረቀቱ እንዳለው ነው ያደረገችው፤ በወላይትኛ፣ በእርጋታ፣ መጀመሪያ ውሃ።

ፊት ለፊቱ ተንበረከክኩ።

"አዋ።"

አየኝ። አላወቀኝም። ግን ፈገግ አለ፤ ለእንግዳ ሰው የሚሰጥ የአክብሮት ፈገግታ።

"ከግብርና ጽሕፈት ቤት ነው የመጣኸው?" አለኝ።

ሰላማዊትን አየኋት። ፊቷን አዙራለች።

"አዎ" አልኩት።

"ሂድና ንገራቸው። ሰዉ ይስቅብን ነበር፣ በዚህ ድንጋይ ላይ ምንም አይበቅልም ሲል።" እጁን አንሥቶ ወደ ላይ አመለከተ። "ችግኞቹ ጸድቀዋል።"

ቀና ብዬ አየሁ። በላያችን ያለው ቅጠል ሰማዩን ይሸፍናል። አባቴ ወጣት ሳለ እዚህ ወረዳ ችግኝ ያስተክል እንደነበር በወሬ አውቃለሁ፤ የትኛው ተራራ እንደሆነ ግን ጠይቄው አላውቅም ነበር። ማንም ያላስታወሰውን ሥራውን ሊቆጣጠር ነበር የመጣው።

"እነግራቸዋለሁ" አልኩት።

ማርታ ነጠላዋን አውልቃ ትከሻው ላይ ጣል አደረገችለት። ደግፈን ስናወርደው መንገዱ መሃል ቆመ። እጁ ትከሻዬን ጨበጠው። ድምፁ ሌላ ነበር።

"ምሬ" አለኝ። "እናትህ ምሳ በልታለች?"

አለቀስኩ። የማርታ ጎረቤቶች ሲያዩኝ አላፈርኩም። ለእናቴ ደውዬ ስልኩን ጆሮው ላይ አደረግሁለት። ምን እንዳለችው አልሰማሁም። እሱ ግን "እሺ፣ እሺ፣ መጣሁ" ሲላት ሰማሁ፤ ከሥራ የሚመለስ ሰው ድምፅ ነበረው።

ጤና ጣቢያ ግሉኮስ ተተከለለት። ነርሷ ክንዱን እየዳበሰች "እዚያ አድረው ቢሆን ኖሮ ሌላ ወሬ ነበር የምናወራው" አለች። ከዚያ በላይ አላስረዳችንም፤ እኛም አልጠየቅንም። ማርታ እስከመጨረሻው አልተለየችንም። እንዴት እንደማመሰግናት ግራ ገብቶኝ እጇን ይዤ ስቆም እንዲህ አለችኝ፤ "እውነቱን ልንገርህ? ፊታቸው ብቻ ቢሆን ኖሮ ወረቀቱን አይቼ አዝኜ አልፍ ነበር። አላውቃቸውማ። ያ ጀርባ ግን የእኔ ነበር፤ እኔ ያየሁት።"

አንባቢዎቼ፣ እዚህ ላይ ልቁምና አንድ ነገር ልንገራችሁ። ከሰላማዊት ሱቅ ስወጣ ካሜራዬን ትቼው ነበር የሄድኩት። ከቀናት በኋላ የቀረጽኩትን ስከፍት አላጠፋሁትም ነበርና ከእናቴ ስልክ ጀምሮ ሁሉም አለ። ዱንጉዛውን ሳወጣ አለ። ሰላማዊት የቁልፍ ሰሌዳውን ከእጄ ስትወስድ አለ። በር ላይ ቆማ "አሁን ታየኝ" ስትል አለ። መብራት ሲጠፋ ሱቁ ይጨልማል፤ ፊልሙ ግን በካሜራው ባትሪ ይቀጥላል፤ ባዶ ወንበሮቹንና ከውጭ የሚገባውን የመናኸሪያ ጩኸት እየቀረጸ። ስንት ወር ስጠይቀው የኖርኩትን ጥያቄ ያ ቪዲዮ ይመልሳል። ከስልኩ በኋላ ሰላማዊትም ሆነች እኔ አንድም ጊዜ "ዲዛይን" የሚለውን ቃል አላነሣንም። የምንጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ያ የማናውቀው ሰው፣ በዚያ በማናውቀው መንገድ ላይ፣ በምን ያየዋል?

አዲስ አበባ አልሄድኩም። ለሰዎቹ ይቅርታ ጠይቄ መልእክት ላክሁ። የፊልሙን መጨረሻ ቀየርኩት፤ "ነበር" የሚለው ቃል ከውስጡ ወጥቷል። ጌታሁንም ከዚያ በኋላ ሳልጠይቀው መጥቶ "እስኪ ቅረጸኝ" አለኝና ስለ ማሽኖቹ ሲያወራ ዋለ። ደንበኛ አሁንም በስልኩ የተሠራ ነገር ይዞ ይመጣል። አትማለሁ፤ አልከፋም። ግን አሁን ወረቀቱን ከመቀበሌ በፊት "ይህን የሚያየው ማነው?" ብዬ እጠይቃለሁ። ብዙዎቹ ይቀመጡና አብረን እንደገና እንሠራዋለን።

በየቤታችሁ መርሳት የጀመረው አባት ወይም እናት ካለ አንድ ምክር ልስጣችሁ። በሱፍና በከረባት ያለውን ፎቶ አስቀምጡት፣ ያምራል። ግን አንድ ቀን ደጅ ይዛችኋቸው ውጡና ሲራመዱ ከኋላቸው ቅረጿቸው። ቪዲዮው አይፈለግ ይሆናል። እንዳይፈለግ እጸልይላችኋለሁ።

አባቴ ካገገመ በኋላ ወረቀቶቹን ለማንሣት አብረን ወጣን። መለጠፍ ቀላል ነበር፤ ማንሣቱ ግን ቀናት ፈጀ፤ በየደጃፉ የቆመው ሰው "ተገኙ?" ሳይል አያሳልፈንምና። ባለ ሱቁ ወጥቶ ይጨብጠናል፣ ሾፌሩ ከመኪናው ይወርዳል፣ አትክልት የምትሸጠው ሴት እልል ትላለች። አንዳንዱ ወረቀቱን እንድናነሣ አልፈቀደም፤ ላዩ ላይ በወፍራም እስክሪብቶ "ተገኝተዋል፣ ተመስገን" ብሎ ጽፎበት ነበር።

ከእነዚያ አንዱ ፊት አባቴ ቆመ። ከላይ ወደታች በእርጋታ አነበበው። ጀርባውን አየ፤ የራሱን ጀርባ አይቶ የሚያውቅ ሰው የለምና ማን እንደሆነ አላወቀውም። ጎኑ ላይ ያለችውን ትንሽ ፊትም ዝናብ መታ መታ አድርጓት ደብዝዛለች።

"ይህ ሽማግሌ ጠፍቶ ነበር?" አለኝ።

"አዎ፣ አዋ።"

"ተገኘ ይላል።"

"ተገኝቷል።"

"እግዚአብሔር ይመስገን" አለ። ራሱን ነቀነቀ። "ቤተሰቡ ምን ያህል ተጨንቆ ይሆን።"

"በጣም ተጨንቀው ነበር።"

ወረቀቱን በጣቱ ነካው።

"ያገኙላቸውን ሰዎች አመሰገኑ?"

"እያመሰገኑ ነው፣ አዋ" አልኩት።